የ4 ሚሊዮን ብር ቤት 13 ሚሊዮን ሲሆን፦ የቤት ብድርን እውነተኛ ዋጋ በደብተር ማስላት

ታናሽ እህቴ አንድ ቅዳሜ ከቱሉ ዲምቱ ደወለችልኝ። «ወንድም ጋሼ፣ ቤቱን አገኘነው!» አለች። ሁለት መኝታ፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ ዋጋው 4 ሚሊዮን ብር። 1 ሚሊዮኑን ከቁጠባና ከዕቁብ አሰባስበዋል። የቀረውን 3 ሚሊዮን ባንክ ያበድራቸዋል፣ በ16 በመቶ ወለድ፣ በ20 ዓመት የሚከፈል። «በወር 41,738 ብር ብቻ ነው» አለችኝ። ባሏ ከጀርባ ሆኖ «ዕዳው ገብስ ነው በይው» ሲል ሰማሁት።

እኔን ያስደነገጠችኝ «ብቻ» የምትለዋ ቃል ናት። እኔም ኮዬ ፈጬ ያለውን ቤቴን የገዛሁት እንደዚሁ «በወር ስንት?» ብዬ ብቻ ነው። «በጠቅላላ ስንት?» ብዬ የጠየቅሁት ፈርሜ፣ ሦስት ዓመት ከፍዬ፣ አንድ ቀን ቀሪ ዕዳዬን ባንክ ሄጄ ካየሁ በኋላ ነበር። ያየሁትን ቁጥር ለባለቤቴ ለመንገር ሁለት ቀን ፈጀብኝ።

ስለዚህ እሑድ ደብተርና ስልካችንን ይዘን ቡና ላይ ቁጭ አልን። ያን ቀን ያደረግነውን ነው እዚህ በተራ የምጽፈው። ቁጥሩ የእህቴ ነው፣ እናንተ የራሳችሁን እያስገባችሁ ተከተሉ። ከመደመር፣ ከመቀነስ፣ ከማባዛትና ከማካፈል ያለፈ ሒሳብ የለውም፣ ወርሃዊ ክፍያውን ብቻ ስልክ ላይ ያለ የብድር ማስያ ያወጣላችኋል።

1ኛ፦ ባንኩ ቤቱን ስንት ብሎ እንደገመተው እወቁ

ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይወድቃል። ባንክ የሚያበድረው እናንተና ሻጩ በተስማማችሁበት ዋጋ ላይ አይደለም። የራሱን መሐንዲስ ልኮ ያስገምታል፣ ብድሩም የሚሰላው በዚያ ግምት ላይ ነው። ግምቱ ደግሞ ብዙ ጊዜ ከገበያው ዋጋ ዝቅ ይላል።

ለምሳሌ 4 ሚሊዮን የተባለውን ቤት የባንኩ መሐንዲስ 3.4 ሚሊዮን ቢለው፣ ባንኩም የግምቱን 75 በመቶ የሚያበድር ከሆነ፣ የምታገኙት 2.55 ሚሊዮን ነው። ያኔ ከኪሳችሁ የሚፈለገው 1 ሚሊዮን መሆኑ ቀርቶ 1.45 ሚሊዮን ይሆናል። ያቺ 450 ሺህ ብር ከየት ትመጣለች? አብዛኛው ሰው ለሻጩ ቀብድ ከፍሎ ስለሚጨርስ ወደ ዘመድ፣ ወደ ሥራ ቦታ የቁጠባና ብድር ማኅበር ወይም ወደ አራጣ ይሮጣል። ያም ብድር ነው፣ ያም ወለድ አለው።

ግምቱ በእጃችሁ ሳይገባ ቀብድ አትክፈሉ። የግድ መክፈል ካለባችሁ ደግሞ ባንኩ ካላበደረ ቀብዱ እንደሚመለስ ውሉ ላይ ይጻፍ። ጊዜውንም አስቡበት። ብሔራዊ ባንክ በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ የባንኮች ብድር በዓመት ከ14 በመቶ በላይ እንዳያድግ ገደብ ጥሎ ነበር፣ በኋላ ወደ 18 በመቶ ከፍ አደረገው። እንዲህ ያለ ገደብ ባለበት ጊዜ «ተፈቅዷል» የተባለ ብድር እንኳን ወረፋ ይጠብቃል። ሻጩ ግን አይጠብቅም።

2ኛ፦ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ወራት በእጃችሁ አስሉ

ባንክ ሄዳችሁ የአከፋፈል ሰንጠረዥ ጠይቁ። ከመፈረማችሁ በፊት! ከፈረማችሁ በኋላ ማንም ይሰጣችኋል። ሰንጠረዡ እስኪመጣ ግን ሦስቱን ወር ራሳችሁ ሥሩ፣ ምክንያቱም በእጅ ያልጻፉት ቁጥር አያስደነግጥም።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ቀሪ ዕዳውን በወለዱ ታባዛላችሁ፣ ለ100 ታካፍላላችሁ፣ ከዚያ ለ12። የወሩ ወለድ እሱ ነው። ከወርሃዊ ክፍያችሁ ላይ ይህን ወለድ ስትቀንሱ የሚተርፈው ብቻ ዋናውን ዕዳ ይነካል።

የእህቴ የመጀመሪያ ወር፦ 3,000,000 ሲባዛ በ16፣ ሲካፈል ለ100፣ ሲካፈል ለ12፣ 40,000 ብር ወለድ። የምትከፍለው 41,738። ከዕዳው የተቀነሰው 1,738 ብር።

ሁለተኛ ወር፦ ቀሪ ዕዳ 2,998,262። ወለዱ 39,977። ከዕዳው የተቀነሰው 1,761 ብር።

ሦስተኛ ወር፦ ቀሪ ዕዳ 2,996,501። ወለዱ 39,953። የተቀነሰው 1,785።

እህቴ እዚህ ጋ ስትደርስ እስክሪብቶውን አስቀመጠች። «እና አርባው ሺህ የት ሄደ?» አለች። ባሏ ሲኒውን እንደያዘ ቀረ። የት እንደሄደማ ግልጽ ነው፣ የገንዘቡ ኪራይ ነው። ባንኩ አላጭበረበረም፣ ሒሳቡ ራሱ እንዲህ ነው የሚሠራው። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ትልቅ ስለሆነ ወለዱ ክፍያውን ጠቅልሎ ይበላዋል።

ራቅ ብለን ስናየው ደግሞ የባሰ ይገርማል። በሦስት ዓመት ውስጥ በድምሩ 1.5 ሚሊዮን ብር ከፍላ ከዕዳዋ የሚቀነሰው 80 ሺህ ብር አካባቢ ነው። በአምስተኛው ዓመት መጨረሻ 2.5 ሚሊዮን ከፍላ ቀሪ ዕዳዋ 2.84 ሚሊዮን ይሆናል። በአሥረኛው ዓመት፣ ማለትም መንገዱን ካጋመሰች በኋላ፣ 5 ሚሊዮን ብር ከፍላ ገና 2.49 ሚሊዮን ዕዳ አለባት። ዕዳው ግማሽ የሚሆነው በ16ኛው ዓመት ላይ ነው። 20ውን ዓመት ስትጨርስ የከፈለችው 10,017,000 ብር ይሆናል። ከዚህ ውስጥ ከ7 ሚሊዮን በላይ የሚሆነው ወለድ ነው።

«አምስት ዓመት ኖረንበት እንሸጠዋለን» ለሚሉ ሰዎች ይህን ክፍል ደጋግመው እንዲያነቡት እመክራለሁ። አምስት ዓመት ከፍላችሁ ስትሸጡ ለባንኩ የምትመልሱት የተበደራችሁትን ገንዘብ ከሞላ ጎደል ሙሉውን ነው።

3ኛ፦ ዓመቱን ቀይራችሁ እንደገና አስሉ

እኔ ቀድሜ ባወቅሁት ኖሮ የምለው ነገር ይሄ ነው። የብድር ኦፊሰሩ «ዓመቱን ባረዘምክ ቁጥር ክፍያው ይቀልልሃል» ይላል። እውነት ነው፣ ግን ምን ያህል ይቀላል?

ያው 3 ሚሊዮን፣ ያው 16 በመቶ ይሁን። በ10 ዓመት ከሆነ ወርሃዊ ክፍያው 50,254 ብር፣ ጠቅላላው ወደ 6.03 ሚሊዮን ነው። በ15 ዓመት 44,061 ብር፣ ጠቅላላው 7.93 ሚሊዮን። በ20 ዓመት 41,738፣ ጠቅላላው 10.02 ሚሊዮን። 25 ዓመት የሚሰጣችሁ ብታገኙ ደግሞ 40,767 ብር፣ ጠቅላላው 12.23 ሚሊዮን።

ከ20 ወደ 25 ማርዘም በወር የሚያቀልላችሁ 971 ብር ብቻ ነው፣ የሚያስከፍላችሁ ግን ተጨማሪ 2.2 ሚሊዮን ብር። በተቃራኒው ከ20 ወደ 15 ብታሳጥሩት በወር 2,323 ብር ትጨምራላችሁ፣ ከጠቅላላው ላይ 2 ሚሊዮን 86 ሺህ ብር ይወርድላችኋል። 2,323 ብር ዛሬ አንድ ቤተሰብ ውጭ ወጥቶ ክትፎ የሚበላበት ነው። ወለዱ ከፍተኛ ሲሆን ዓመት ማርዘም የማይረዳው የመጀመሪያው ወር ወለድ 40,000 ስለሆነ ነው፣ መቶ ዓመት ቢሰጧችሁም ክፍያው ከዚያ በታች አይወርድም።

አቅማችሁን ስትለኩ ግን ራሳችሁን አትሸውዱ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ ከሠራተኛ ደመወዝ ላይ በአንድ ጊዜ የሚቆረጠው ከአንድ ሦስተኛ እንዳይበልጥ ይላል። ለሌላ ጉዳይ የተጻፈ ነው፣ ግን ለቤት ብድርም ጥሩ መለኪያ ይመስለኛል። 41,738 አንድ ሦስተኛ እንዲሆን የባልና ሚስቱ የተጣራ ገቢ 125 ሺህ ብር መሆን አለበት። የእህቴና የባሏ ተደምሮ እዚያ አይደርስም። እሷም ታውቃለች፣ ለዚያ ነው ዝም ያለችው።

4ኛ፦ ወለዱ በምን ላይ እንደሚሰላ ጠይቁ

አንዳንድ አበዳሪ፣ በተለይ ባንክ ያልሆነ፣ ወይም በራሱ ብድር የሚሸጥ የሪል እስቴት ሻጭ፣ «የእኛ ወለድ 10 በመቶ ነው» ይላችኋል። ከ16 ጋር ስታወዳድሩት ስጦታ ይመስላል። ቀሪ ዕዳ ላይ ነው የሚሰላው ወይስ መጀመሪያ በተበደርኩት ሙሉ ገንዘብ ላይ? ብላችሁ ጠይቁ።

በሙሉው ላይ ከሆነ፣ «ፍላት» የሚሉት ማለት ነው፣ 1 ሚሊዮን ብር ለ10 ዓመት በ10 በመቶ ስትበደሩ ወለዱ በየዓመቱ 100 ሺህ፣ በ10 ዓመት 1 ሚሊዮን ይሆናል። በወር 16,667 ብር ትከፍላላችሁ። ይህን ክፍያ በቀሪ ዕዳ ላይ ወደሚሰላ ወለድ ስትመልሱት 16 በመቶ ገደማ ነው! ስሙ 10፣ ሥራው 16።

ከወለድ ነፃ በሆነው አሠራር፣ ዘምዘምና ሂጅራ ባንኮች ወይም ሌሎቹ ባንኮች በከፈቷቸው መስኮቶች ሙራባሃ በሚሉት፣ ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ይሸጥላችኋል፣ ጠቅላላ ዋጋውም ገና ከጅምሩ ይታወቃል። ይሄ በግሌ የምወድለት ነገር ነው። እዚያም ቢሆን ግን ጠቅላላውን ከባንክ ብድሩ ጠቅላላ ጋር ጎን ለጎን አስቀምጡት፣ «ቀድሜ ብጨርስ ከትርፉ ይቀነስልኛል ወይ?» ብላችሁም ጠይቁ።

5ኛ፦ ወለዱ ቢጨምርስ?

የብድር ውሉን ስታነቡ፣ እባካችሁ አንብቡት፣ «ባንኩ የወለድ ምጣኔውን ሊያሻሽል ይችላል» የምትል አንቀጽ አታጡም። ብዙ ሰው አያያትም። ብሔራዊ ባንክ በሐምሌ 2016 ዓ.ም. 15 በመቶ የሆነ የፖሊሲ ወለድ ምጣኔ፣ ማለትም ከባንኮች ጋር ሲበዳደር መነሻ የሚያደርገውን ወለድ፣ አውጥቷል። ገንዘብ ለባንኩ ሲወደድ ለእናንተ አይረክስም።

እህቴ ሦስት ዓመት ከከፈለች በኋላ ወለዱ ከ16 ወደ 18 ቢወጣ ብለን አሰላን። ቀሪ ዕዳዋ 2,920,375 ብር ነው። በ18 በመቶ የአንድ ወር ወለዱ ብቻ 43,806 ብር ይሆናል። ይህ ከወርሃዊ ክፍያዋ ይበልጣል። በድሮው 41,738 ብትቀጥል በየወሩ እየከፈለች ዕዳዋ ይጨምራል ማለት ነው። በቀሩት 17 ዓመታት ለመጨረስ ክፍያው ወደ 46,013 ብር መውጣት አለበት፣ በወር 4,275 ብር ጭማሪ። ይህን ማን ያውቃል? ጭማሪው ከዚህ አነስ ሲል ደግሞ አንዳንዱ ባንክ ክፍያውን ሳይነካ ዓመቱን ያረዝመዋል፣ ተበዳሪው ምንም ሳይሰማው።

ስለዚህ ደብተሩ ላይ ሁለተኛ ዓምድ ክፈቱና ወለዱን 2 በመቶ ጨምራችሁ አስሉት። በዚያ ክፍያ ልጅ ማስተማር፣ ቤት አስቤዛ ማስገባት ይቻላል? ካልተቻለ የተበደራችሁት ከአቅም በላይ ነው። የመክፈል ችግር ከመጣ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ መያዣውን ፍርድ ቤት ሳይሄድ፣ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ በጨረታ መሸጥ ይችላል። ማስፈራራቴ አይደለም፣ ሕጉ ይህ ስለሆነ ነው።

6ኛ፦ ባንኩ ወረቀት ላይ የሌሉትን ወጪዎች ጻፉ

መጀመሪያ አንድ ጊዜ የሚከፈሉትን። የደላላ ኮሚሽን አለ፣ ብዙ ጊዜ 2 በመቶ ይጠይቃሉ፣ በ4 ሚሊዮን ላይ 80 ሺህ ነው። የባንኩ መሐንዲስ የግምት ክፍያ፣ የብድር አገልግሎት ክፍያ፣ የውልና ማስረጃ፣ የቴምብር ቀረጥ፣ የስም ማዞሪያ፣ መያዣውን ማስመዝገቢያ አለ። ሻጩ መክፈል የሚገባውን ግብር «አንተ ሸፍነው» ብሎ ሊያሸክማችሁም ይችላል። ይህ በጣም የተለመደ ነው፣ ከዋጋው ጋር አብራችሁ ተደራደሩበት። እህቴ ከደላላው ውጪ ያሉትን ሁሉ ደምራ 200 ሺህ ያዘች።

ቀጥሎ በየዓመቱ የሚመጡት። ባንኩ ቤቱን በእሳት አደጋ መድን ያስገባችኋል፣ ብዙዎቹ የሕይወት መድንም ይጠይቃሉ። በዓመት 9,000 ብር አሰብን፣ በ20 ዓመት 180 ሺህ። የሕንጻው ኮሚቴ ለጥበቃ፣ ለጽዳት፣ ለውኃ ፓምፕ የሚሰበስበው አለ፣ በወር 1,000 ብር ብንል 240 ሺህ። የጣሪያና ግድግዳ ግብሩም አለ፣ አዲስ አበባ በ2015 ዓ.ም. ስሌቱን ካሻሻለ ወዲህ እንደ ድሮው የሚናቅ አይደለም። የንብረት ታክስ አዋጁም በ2017 ዓ.ም. ጸድቋል። ለእነዚህ እኛ ቁጥር አልያዝንም፣ መስመሩን ግን ክፍት ትተነዋል።

7ኛ፦ ዳር ላይ መኖር የሚያስከፍለውን ጨምሩ

ይህን ሌላ ቦታ የሚጽፍላችሁ አታገኙም፣ እኛ ዳር የምንኖር ሰዎች ግን በየቀኑ እንከፍለዋለን።

ቤቱ ርካሽ የሆነው ሩቅ ስለሆነ ነው። ከቱሉ ዲምቱ ወይም ከኮዬ ፈጬ ተነስቶ መገናኛ ወይም ሜክሲኮ የሚሠራ ሰው ሁለት፣ አንዳንዴ ሦስት ታክሲ ይይዛል። እህቴና ባሏ ሁለቱም መሀል ከተማ ነው የሚሠሩት። በቀን ለሁለቱ 160 ብር፣ በወር 26 ቀን፣ 4,160 ብር። በ20 ዓመት 998,400 ብር። ያውም የታክሲ ታሪፍ ባለበት ቢቆም! አይቆምም። ማለዳ 12 ሰዓት ላይ ሰልፍ ላይ የሚጠፋውን ጊዜ በብር አላሰብነውም፣ ባስበው ያመኛል።

ሌላው ፊኒሺንግ ነው። ቤቱ «ሴሚ ፊኒሽድ» ነው። እህቴ ስልኳ ላይ ያነሳችውን ፎቶ አሳየችኝ፣ ግድግዳው ብሎኬቱ ይታያል፣ ወለሉ ልሙጥ ሲሚንቶ፣ ሽንት ቤቱ ውስጥ ከመሬት የወጣ ቧንቧ በላስቲክ ታስሯል። ሴራሚክ፣ ጂፕሰም፣ የኤሌክትሪክ ገመድ፣ በርና ቁምሳጥን፣ የሻወር ዕቃ፣ ውኃ በሳምንት ሁለት ቀን ስለሚመጣ ደግሞ ሮቶ። ከዚህ ውስጥ ብዙው ከውጭ የሚገባ ነው፣ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር የምንዛሪ ተመን ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ ዋጋው የት እንደደረሰ መርካቶ የሄደ ያውቃል። ለፊኒሺንግ 900 ሺህ ያዝን። እኔ የያዝኩትን ያህል ነው የጨረስኩት የሚል ሰው እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም፣ ስለዚህ ከሰማችሁት ላይ ጨምሩ።

አንድ የማይቆጠር ግን ትልቅ ነገር ደግሞ ካርታው ነው። ዳር ዳሩ ላይ ሁለት አስተዳደር ይዋሰናል፣ አዲስ አበባና ሸገር ከተማ። ካርታውን የሰጠው የትኛው ነው? እገዳ አለበት? በሻጩ ስም ነው ወይስ በውክልና ነው የሚሸጥላችሁ? በውክልና የተገዛ ቤት ካርታው እስኪዞር ባንክ በመያዣነት አይቀበለውም። ይዞታው ሊዝ ከሆነ ደግሞ ያልተከፈለ የሊዝ ዕዳ መኖሩን አጣሩ፣ ለገዢው ይተላለፋልና።

ሁሉንም ደመርነው። ቅድመ ክፍያ 1,000,000፣ ለባንክ 10,017,000፣ ደላላ 80,000፣ ልዩ ልዩ ክፍያ 200,000፣ ፊኒሺንግ 900,000፣ መድን 180,000፣ ኮሚቴ 240,000፣ ትራንስፖርት 998,400። ድምሩ 13,615,400 ብር።

ባሏ ስልኩን ተቀብሎ እንደገና ደመረው። ያው ነው።

8ኛ፦ አሁን ደግሞ በሌላ ዓይን እዩት

እዚህ ላይ ካቆምኩ ግን አዳላሁ ማለት ነው። 13 ሚሊዮኑ የዛሬ ብር አይደለም። በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ደርሶ ነበር። በዚያን ጊዜ በ16 በመቶ የተበደረ ሰው በእውነተኛ ዋጋ ተጠቃሚ ነበር፣ የከፈለው ብር ከተበደረው ብር ያነሰ ዕቃ ነው የሚገዛው። ዛሬ የሚያንገዳግደው 41 ሺህ ብር ከአሥር ዓመት በኋላ እንደ ቀላል ነገር ሊታይ ይችላል። ግን አንድ ቅድመ ሁኔታ አለው፣ ደመወዛችሁ ከኑሮው ጋር መጨመር አለበት። ነጋዴ ከሆናችሁ ምናልባት ይጨምራል። የመንግሥት ሠራተኛ ከሆናችሁ መልሱን ታውቁታላችሁ።

ኪራዩንም አስቡ። እህቴ አሁን በወር 14 ሺህ ብር ትከራያለች። ለባንክ ከምትከፍለው ጋር ያለው ልዩነት 27,738 ብር ነው። ሦስት ዓመት ብትጠብቅና ይህን ልዩነት በየወሩ በ7 በመቶ፣ ብሔራዊ ባንክ በወሰነው ዝቅተኛ የቁጠባ ወለድ፣ ብታስቀምጥ 1.1 ሚሊዮን ገደማ ይሆናል። በእጇ ያለው 1 ሚሊዮንም ወደ 1.23 ሚሊዮን ያድጋል። በድምሩ 2.34 ሚሊዮን፣ ከወለዱ ላይ የሚቆረጠውን ግብር ትተን።

መጠበቅ ያዋጣል? በሦስት ዓመት ውስጥ የቤቱ ዋጋ ከ5.26 ሚሊዮን በታች ከሆነ ያዋጣል። ምክንያቱም ያኔ የሚጎድላት ገንዘብ፣ ዛሬ ገዝታ ከሦስት ዓመት በኋላ ከሚቀራት 2.92 ሚሊዮን ዕዳ ያንሳል። ከዚያ በላይ ከሄደ መጠበቁ ያከስራል። ይህም በዓመት ከ9.5 በመቶ ትንሽ ከፍ ያለ ጭማሪ ነው። እንግዲህ እናንተ ፍረዱ። በእኔ እይታ ዳር ላይ ያለ ሴሚ ፊኒሽድ ቤት እንደ መሀል ከተማው አይሮጥም፣ ግን አስፋልት የገባ ዕለት ይዘላል። እኛ ሰፈር አስፋልት ሳይገባ አራት ዓመት ጠብቀናል።

9ኛ፦ ልትገቡበት ከወሰናችሁ፣ ትርፍ ክፍያን ከመጀመሪያው ዓመት ጀምሩ

ከሁሉም መንገድ በላይ የሚሠራው ይህ ነው። 20 ዓመቱን ውሰዱ፣ ግን ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ 3,000 ብር ጨምራችሁ ክፈሉ፣ ለዋናው ዕዳ እንዲቀነስ። 41,738 የነበረው 44,738 ይሆናል። ብድሩ በ20 ዓመት ሳይሆን በ14 ዓመት ከሁለት ወር ያልቃል፣ ጠቅላላ ክፍያውም ከ10 ሚሊዮን ወደ 7.58 ሚሊዮን ይወርዳል። ያቺው 3,000 ብር በ7 በመቶ ቁጠባ ከምትቀመጥ የ16 በመቶ ዕዳ ብትቀንስ ይሻላታል። በ15 ዓመት ከመፈረም የሚለየው ደግሞ ወሩ ከከፋባችሁ ትርፉን መተው መቻላችሁ ነው።

ይህ የሚሠራው ግን ባንኩ ከፈቀደ ነው። ስለዚህ ብድር ክፍል ስትሄዱ እነዚህን ጠይቁ፣ መልሱን ደብተራችሁ ላይ ጻፉ፣ የነገራችሁን ሰው ስምና ቀኑንም ጨምሩ። ትርፍ ስከፍል ወዲያው ከዋናው ዕዳ ይቀነሳል ወይስ ለሚቀጥለው ወር ቅድሚያ ክፍያ ሆኖ ይያዛል? ቀድሞ መጨረስ ቅጣት አለው? ክፍያ ብዘገይ ቅጣቱ ስንት ነው፣ የሚሰላውስ በዘገየው ላይ ነው ወይስ በሙሉ ዕዳው? ወለዱ ሲቀየር በጽሑፍ ትነግሩኛላችሁ? መድኑን የመረጥኩት ኩባንያ ጋ መግባት እችላለሁ?

የመጀመሪያው ጥያቄ ዋነኛው ነው። እኔ ሁለት ዓመት ሙሉ ትርፍ ስከፍል ቆይቼ ገንዘቡ ለሚቀጥሉት ወራት ክፍያ ተብሎ እንደተያዘና ከዋናው ዕዳ አንድም ብር ተጨማሪ እንዳልተቀነሰ ያወቅሁት በኋላ ነው። ስጠይቅ «ማመልከቻ አላስገባህም» አሉኝ። ከዚያ ወዲህ ትርፍ በከፈልኩ ቁጥር «ለዋናው ብድር ቅነሳ» ብዬ በጽሑፍ አመለክታለሁ፣ ማኅተም የተደረገበትን ቅጂ አስቀምጣለሁ፣ በሚቀጥለው ወር ደግሞ ቀሪ ዕዳዬን አሳትሜ አያለሁ።

እህቴ ሰኞ ዕለት ባንክ ሄዳ ሰንጠረዡን በ15 ዓመትም በ20 ዓመትም አሳትማ መጣች። ሻጩ ጋርም በ3.7 ሚሊዮን እየተከራከሩ ነው፣ ከብሎኬቱ ፎቶ ጋር። ባሏ ደግሞ ቂሊንጦ አካባቢ የሚሠራ የጂፕሰም ባለሙያ አገኘሁ ብሎ ዋጋ እያስወጣ ነው። የካርታውን ማጣሪያ ገና አልጨረሱም።